ሙሉ ተሳትፎ

ኑ ልጆቼ፣ ቁጭ በሉ። ምንጣፉ ለሁላችሁም ይበቃል፤ ትልልቆቹ ወደ ግድግዳው ጠጋ በሉና ለትንንሾቹ ቦታ ልቀቁ።

«ቁጭ በሉ» ስላችሁ ደግሞ አትደንግጡ። በእኛ ዘመን ገና ጎህ ሲቀድ በር አንኳኩቶ «እስቲ ቁጭ በይ» የሚል ሰው መርዶ ይዞ ነበር የሚመጣው። እኔ የማወራችሁ ስለ ምርጫ ነው። መርዶም አለበት፤ ግን የቆየ ነው፣ እናንተን አይነካችሁም።

ከተማችን ያኔ ታች ነበረች፣ ጩፋ ሐይቅ ዳር። ዛሬ ከውሃው መሀል አናታቸው ብቻ ብቅ ያለው፣ ወፍ የሚያርፍባቸው የመብራት ምሰሶዎች የእኛ ሰፈር ናቸው። ሐይቁ በየዓመቱ ትንሽ ትንሽ ይወጣ ነበር። ሰው መጀመሪያ ጓሮውን ይለቅለታል፣ ቀጥሎ አጥሩን። ከዚያ በሩን ወደ ሌላው ግድግዳ ያዞርና ይቀመጣል። ለምደነው ነበር። እንግዳ ሲመጣ «ቤታችሁ ጀርባውን ሰጥቶናል» ይለናል፣ እኛ አናስተውለውም።

መምረጥን ከተውነው ቆይተናል። የከለከለን የለም። አንዱ ምርጫ ዝናብ ነው ተብሎ ቀረ፣ አንዱ ገበያ ነው ተብሎ ቀረ፣ ሌላው ምክንያትም ሳይፈለግለት ቀረ። በኋላ ክልሉ ለእያንዳንዱ ሰው ወኪል የሚሉትን ተናጋሪ መሣሪያ ሰጠ። ይኸው እናንተም ቤት በሩ አጠገብ ያለው፣ በገዛ ድምፃችሁ የሚያወራው። የምርጫ ዕለት ጠዋት «ልምረጥልሽ?» ይላል። ዝም ካልሽ እሺ ማለት ነው። በዚያ ሰዓት አብዛኛው ሰው መፋቂያ አፉ ውስጥ ነው፣ መፋቂያ የጎረሰ ሰው ደግሞ መልስ አይሰጥም። ከሰዓት በኋላ ዜናው ይመጣል፤ በሐይቆች ክልል የመራጮች ተሳትፎ ከመቶ መቶ ሆነ። ሁልጊዜ መቶ ነው። የምርጫ ጣቢያው አዳራሽ የበርበሬ ማከማቻ ከሆነ ሰንብቷል።

ወኪሉ ለምርጫ ብቻ አልነበረም። ለቅሶም ይደርስ ነበር። ድንኳን ይተከላል፣ አምስት ስድስት ሰው በአካል ይቀመጣል፣ የቀረው ሰፈር በወኪሉ ይመጣል። ድምፁ በየተራ «ነፍስ ይማር፣ እግዜር ያጥናችሁ» ይላል። የሁሉም ቃል አንድ ነው። ሐዘንተኛው «አሜን፣ አሜን» እያለ ይውላል። ማታ ላይ ማን መጣ ማን ቀረ የሚባል ሐሜት አይኖርም፣ ምክንያቱም ሁሉም መጥቷል።

ግድግዳ የምጋራት ጎረቤቴ እትዬ ሄርሜላ ትባል ነበር። የእኛ ዘመን ስም እንዲህ ነው፣ ሄርሜላ፣ ናሆም፣ የኔም ሶልያና። እናቶቻችን አዲስ ስም ይወዱ ነበር። እኛ ደግሞ ለልጆቻችን የቅድመ አያቶቻችንን አወጣንላቸው። የእሷ አንድ ልጅ ሽመክት ይባላል። መረብ ሠርታ፣ ዓሣ አድርቃ ያሳደገችው ነው። ከፍ ሲል በምሥራቅ በኩል ወደ ጨው ማውጫ ሄደ፣ እዚያው ተቀጠረ።

እዚያው ትኩሳት ይዞት ሞተ፣ እዚያው ቀበሩት።

ወሬው የደረሰው ለእድራችን ዳኛ ለጋሽ ኢምራን ነው። መርዶ ደግሞ ወግ አለው። እትዬ ሄርሜላ ያን ሰሞን የዓይን ሞራ ተገፍፋ ነበርና ሐኪሙ እንባ ከልክሏታል፤ ስለዚህ ዓይኗ እስኪድን ተባለ። ዓይኗ ሲድን ፋሲካ ደረሰ፣ ለበዓል መርዶ አይነገርም። ፋሲካ ሲያልፍ ክረምት ገባ። ክረምቱ ሲወጣ ጋሽ ኢምራን ራሱ አልጋ ያዘ፣ የዚያው ሰሞን ባለቤቱ ሀያትም አረፈችና ቀበርናት፤ በሐዘን ላይ ሐዘን አይጨመርም ተባለ። እንዲህ እያልን፣ ሁላችንም ደጎች ሆነን፣ ዓመታት አለፉ።

ያዘገየን ሌላም ነገር ነበር። ሽመክት እሑድ እሑድ መደወሉን አላቋረጠም።

በሕይወት ሳለ፣ ተራው ከመሬት በታች ሲሆን እናቱ እንዳትሰጋ ብሎ ወኪሉን «እሑድ እኔን ሆነህ አውራት» ብሎት ኖሯል። ብዙ ልጅ እንዲህ ያደርግ ነበር፣ ነውር አልነበረም። ሞትን የሚያስመዘግበው ደግሞ የቅርብ ዘመድ ነው። የእሱ የቅርብ ዘመድ እሷ ብቻ ናት። ስላልተመዘገበ ወኪሉ አያውቅም። እሑድ ጠዋት በግድግዳው በኩል እሰማቸዋለሁ።

«እማዬ፣ ዓይንሽ እንዴት ነው?»

«ደህና ነው። ውሃው ደረጃው ጋ ደርሷል፣ ልነሣ ነው መሰለኝ።»

«አትነሺ። የሐይቁ ዳር እኮ ሩቅ ነው። ስመጣ ቤቱ ይጠፋኛል።»

ወኪሉ የሚያውቀው ሐይቅ ሽመክት ጥሎት የሄደው ሐይቅ ነው። እሷም አትነሣም ነበር። ከዚያ ረድፍ የቀረነው እሷና እኔ ብቻ ሆንን፤ እኔም ብነሣ እሷን ትቼ ነው። ሌሊት ወለሉ ሥር ውሃው ሲንቀሳቀስ ይሰማል።

የአጋማሽ ዘመኑ ምርጫ የመጣው በዚህ ላይ ነው። የክልሉ ምክር ቤት ግማሽ ወንበር የሚመረጠው በዘመኑ አጋማሽ ነው። ለእኛ ወንበር ሁለት ዕጩዎች ቀረቡ። የአንዱ ምልክት መሰላል ነው፣ ከተማዋን ወደ ኮረብታው እናውጣ ይላል። የሌላው መቅዘፊያ ነው፣ ከውሃችን ዳር አንነቃነቅም ይላል። ወኪሎቹ መረጡ፣ ተሳትፎ መቶ ሆነ፣ በክልሉ ሁሉ ውጤት ተነገረ። የእኛ ወንበር ግን ቀረ። መሰላልና መቅዘፊያ እኩል ለእኩል ወጥተው ነበር።

ሕጉ ውስጥ ማንም ያላነበበው አንቀጽ ነበረ። እኩል ሲወጣ መራጩ በተመዘገበበት ጣቢያ በአካል መጥቶ ድጋሚ ይመርጣል። ያልመጣ ሰው ስሙ በድምፅ ማጉያ ሦስት ጊዜ ይጠራል። ቤተሰቡ ተነሥቶ ያለበትን ከተናገረ እንደ ቃሉ ይደረጋል። የሚመልስ ሰው ከጠፋ ወኪሉ የሰጠው ድምፅ ይጸናል።

ይህ በተነገረበት እሑድ እትዬ ሄርሜላ እኔ ቤት መጣች። ፊቷ በርቷል።

«ሶሊ፣ ልጄ ሊመጣ ነው።»

«ማን አለ?»

«ራሱ ነዋ። በአካል ካልመጣህ አይሆንም ብለውሃል፣ ትመጣለህ? አልኩት። እመጣለሁ እማዬ አለኝ። እኔ ስጠራው ያልመጣ ልጅ መንግሥት ሲጠራው መጣልኝ፤ ይሁን፣ አልቀየምም።»

ወኪሉ ሐሰተኛ ሆኖ አይደለም። ሽመክት ቢኖር እመጣለሁ ይል ነበርና እሱም አለ።

ወደ ጋሽ ኢምራን ሄድኩ። ነገርኩት።

«እንግዲህ እንነግራታለን» አለ።

«መቼ?»

«ከምርጫው በኋላ ይሻል ይሆን?»

«ጋሼ፣ ልጇን ፍለጋ ሰልፍ ላይ እስክትቆም ነው የምንጠብቀው?»

«አንቺ ደግሞ ስትናገሪ ጥፍር ታበቅያለሽ» አለኝ። ቀጥሎ ጠዋት እንሄዳለን አለ። የምርጫው ዕለት ጠዋት ነው፤ ከዚያ በፊት ልብ ያገኘ ሰው አልነበረም።

ጎህ ሲቀድ አራት ሆነን ሄድን፣ ውሃው ቁርጭምጭሚታችን ጋ እየደረሰ። ተነሥታ፣ ለብሳ፣ ደረቅ ዓሣ በሳህን ደርድራ ጠበቀችን። ለእሱ ነው።

«ምነው በጠዋት?» አለች። «ወረፋ ልትይዙልኝ ነው?»

«ሄርሜላ፣ እስቲ ቁጭ በይ» አላት ጋሽ ኢምራን።

«ቁጭ በይ ያለኝ ሰው ደግ ነገር ነግሮኝ አያውቅም» አለች። ግን ተቀመጠች።

ነገራት። በአጭሩ ነው የነገራት፣ አሳምሮም አይደለም። ደረቷን ልትመታ እጇን አንሥታ መልሳ ጭኗ ላይ አኖረችው።

«መቼ?»

«ዓይንሽን የተገፈፍሽ ጊዜ።»

ወደ በሩ አጠገብ ወዳለው ወኪል አየች። ከዚያ አንድ በአንድ እኛን አየችን።

«ታዲያ እሑድ እሑድ የሚያወራኝ ማነው?»

ከእኛ ጋር የመጣችው የእድርተኛችን የናሆም ሚስት ማልቀስ ጀመረች፣ እትዬ ሄርሜላ እሷን አባበለቻት። ሳህኑን ሸፈነች፣ ነጠላዋን ዘቅዝቃ አጣፋች፤ የሐዘን አጣጣል ነው፣ ዛሬ የሚያውቀው ቀንሷል። ከዚያ ተነሣች።

«ወዴት ነው?» አላት ጋሽ ኢምራን። «ድንኳን እናስተክላለን፣ አንቺ ትቀመጫለሽ እንጂ…»

«ስሙን ሊጠሩት አይደል? ማን ሊመልስለት ነው?»

አዳራሹን በርበሬውን አውጥተው ጠርገውታል፣ ሽታው ግን ግድግዳው ውስጥ ገብቷል። የገባ ሁሉ ያስነጥሳል። ከክልሉ የመጣችው የምርጫ አስፈጻሚ ካሳነሽ የምትባል ልጅ እግር ናት፣ ዓይኗ ቀልቶ «ይቅርታ፣ ይቅርታ» እያለች ወረቀት ታድላለች። የጣት ቀለም ማንም አላመጣም፤ ቀለም ምን እንደሚሠራም የሚያስታውሰው ጥቂት ነው። ጋሽ ኢምራን የጫማ ቀለም አስመጣ። አውራ ጣታችንን በጥቁር ቀቡን።

«ታጥቦ ካልለቀቀ ጫማህ ነኝ እልሃለሁ» አለው ናሆም።

«ጫማዬማ ካንተ በፊት መርጣለች» አለ ጋሽ ኢምራን፣ «እሷ እንኳ በእግሯ መጥታለች።»

ሰው ሳቀ። የእትዬ ሄርሜላን ነጠላ ያየ ሰው ግን ሳቁን ዋጠው። መንገድ ለቀቁላት። ወረቀቷን ይዛ ከመጋረጃው ኋላ ገባች፣ ኮሮጆው ውስጥ ከተተች፣ ጣቷን ሰጠች። ካሳነሽ «ጨርሰዋል እናቴ፣ ቤትዎ መግባት ይችላሉ» ስትላት «ልጄ እስኪጠራ ልቀመጥ» አለቻትና ከፊት አግዳሚው ላይ ተቀመጠች።

ከሰዓት በኋላ የሚመጣ ሰው ቆመ። ካሳነሽ ያልመጡትን በፊደል ተራ መጥራት ጀመረች። የመጀመሪያዋ ሀያት ናት፣ የጋሽ ኢምራን ባለቤት። ቀብሯ ላይ ሁላችንም ነበርን።

«ሀያት ሙሰማ።»

አንዱ አስነጠሰ።

«ሀያት ሙሰማ።»

ሁላችንም ወደ ጋሽ ኢምራን አየን። እሱ የጣቱን ቀለም ያያል። ሦስተኛ ተጠራች። ካሳነሽ «ጸንቷል» ብላ አለፈች።

ያኔ ነው የገባኝ። የሽመክት ብቻ አልነበረም። በለ ተጠሩ፣ በመ ተጠሩ፣ በሰ ተጠሩ። አፈር የለበሱ ሰዎች፣ ድንኳናቸው ሥር ተቀምጠን ቆሎ የቆረጠምንላቸው ሰዎች። ባል ሚስቱን አላስመዘገበም፣ እህት ወንድሟን አላስመዘገበችም። ከተመዘገቡ ወኪላቸው ይዘጋል፣ ማታ ማታ ደግሞ ድምፃቸው ይፈለጋል። እያንዳንዱ ቤት የራሱን ብቻ የደበቀ መስሎት ነበር። በየምርጫው አብረውን ሲመርጡ ኖረዋል፤ እነሱ ደግሞ ውሃው ሩቅ እንደሆነ ነው የሚያውቁት። ስሙ ይጠራል፣ ሰው ያስነጥሳል፣ ጸንቷል ይባላል።

«ሽመክት ባህሩ።»

እትዬ ሄርሜላ በመጀመሪያው ተነሣች። ሁለተኛ እስኪጠራ አልጠበቀችም።

«የኔ ነው» አለች።

«የት ነው ያለው እናቴ?»

«ሞቷል።»

ካሳነሽ ቀና አለች። ድምፅ ማጉያውን ከአፏ ዝቅ አደረገችው። «መቼ ነው?»

«እኔ የሰማሁት ዛሬ ጠዋት ነው። እሱ ግን ከሞተ ቆይቷል። ሰርዥልኝ። ውሃው የት እንደደረሰ አያውቅም፣ ለኛ አይምረጥልን።»

ተሰረዘ። እሷም ተቀመጠች። ያለቀሰ ሰው አልነበረም፣ በርበሬው ያስለቀሰው እንዳለ ነው። ካሳነሽ ቀጣዩን ስም ልትጠራ ስትል ከኋላ ድምፅ መጣ።

«ልጄ» አለ ጋሽ ኢምራን። ቆሟል። «ወደ ሀ ተመለሽልኝ።»

ተመለሰች። «ሀያት ሙሰማ።»

«ባለቤቴ ናት» አለ። «ቀብሬያታለሁ። እነዚህ ሁሉ ምስክር ናቸው፣ አብረውኝ አፈር አልብሰዋታል።» የጣቱን ቀለም በጋቢው ጠረገ። «ማታ ማታ መብራቱን አጥፋው ትለኝ ነበር። በቃ፣ ይኸው ነው።»

ከዚያ በኋላ ጥሪው ረዘመ። ካሳነሽ ወደ ለ ተመለሰች፣ ወደ መ ተመለሰች። አንዱ ይነሣል፣ ይናገራል፣ ይቀመጣል። እህቴ ናት። አባቴ ነው። መንታዬ ነው። አጠገቡ ያለው «ነፍስ ይማር» ይለዋል፣ በገዛ አፉ። ፀሐይ ልትጠልቅ ስትል ኮሮጆው ተከፈተ።

መሰላል አሸነፈ። ብዙም አልበለጠ። የሞቱት ስም ገና ከመዝገብ ስላልወጣ ተሳትፎው ከመቶ ሠላሳ ስድስት ሆነ። በክልሉ ዜና እስከ ዛሬ ከተመዘገበው ሁሉ ዝቅተኛው ነው ተብሎ በስማችን ተሣቀ፤ የሌሎቹ ወንበሮች ሁሉ እንደ ወትሮው መቶ ነበሩ። ናሆም አፈረ። ጋሽ ኢምራን ግን «ጥቂት ነን» አለ፣ «ቢሆንም ሁላችንም እናስነጥሳለን።»

የእትዬ ሄርሜላን ድንኳን እዚህ ኮረብታው ላይ ተከልን፣ ያኔ ሜዳ ነበር። ዕቃዋን ያወጡላት የድንኳን ተረኞች ናቸው፤ ወኪሏንም ነቅለው አመጡት። እሑድ ሆነ። ስረዛው ከክልሉ እስኪጸድቅ ጊዜ ይወስዳል ተብለን ነበር፣ እኛ ግን አላሰብንበትም። ድንኳኑ ሙሉ ሰው ተቀምጦ ሳለ ከወኪሉ ድምፅ መጣ።

«እማዬ፣ እንዴት ነሽ? መንገድ ዘግቶብኝ ነው እንጂ ልመጣ ነበር።»

የናሆም ሚስት ልታጠፋው ተነሣች። እትዬ ሄርሜላ በእጇ መለሰቻት።

«ሽሜ፣ እስቲ ቁጭ በል።»

«ተቀምጫለሁ እማዬ።»

«አጠገብህ ሰው አለ?»

«ብቻዬን ነኝ።»

«መርዶ ለብቸኛ ሰው አይነገርም ነበር። ግን እኛ አለን፣ እነ ሶሊ አሉ፣ ጋሽ ኢምራን አለ። አይዞህ።» ድምፇ ዝግ አለ፣ ሕፃን እንደምታስተኛ። «ሽመክት ሞቷል።»

ዝም አለ። ወኪል እንዲያ ዝም ሲል ሰምቼ አላውቅም። ከዚያ በልጇ ድምፅ፣ በየድንኳኑ ወኪሎች ሁሉ የሚሉትን አለ።

«ነፍስ ይማር። እግዜር ያጥናሽ እማዬ።»

«አሜን» አለች። «አንተም ደክሞሃል። ብዙ አጫወትከኝ። አሁን በቃህ፣ ዕረፍ።»

«እሺ እማዬ።»

በሚቀጥለው እሑድ አልደወለም። እሷ ከእኛ ጋር ስትጫወት ዋለች።

ይኸው ነው ልጆቼ። እኔም ዕድሜዬን ጨርሻለሁ፣ በሩ አጠገብ ያለው ድምፄም አማረበት ትላላችሁ፣ ሰምቻችኋለሁ። አንድ ነገር ብቻ አደራ። የሞትኩ ዕለት አስመዝግቡኝ፣ በዓልም ቢሆን፣ ዝናብም ቢሆን። ወኪሌም ካልሰማ ቁጭ በል በሉትና ቀስ ብላችሁ ንገሩት። አንድ ቀን ስሜ አዳራሽ ውስጥ ከተጠራ ደግሞ ከእናንተ አንዱ ተነሥቶ ይመልስልኝ። ይህችን አትርሱብኝ።